አገሩን አስከብሮ በአገሩ የተጠረጠረው ሮንግ ጉዎቱዋን

የጠረጴዛ ቴኒስ ሲባል ከብዙዎቻችን ሐሳብ የሚመጣው የትምህርት ቤት የዕረፍት ሰዓት ወይም የክበብ የምሽት ጨዋታ ነው። ጠረጴዛው ርዝመቱ ሦስት ሜትር አይሞላም፤ መረቡ ከአንድ ስንዝር ያነሰ ነው፤ ኳሲቱም በዚያን ዘመን የምትመዝነው ሁለት ግራም ተኩል ብቻ ነበር። እፍ ቢሏት በምትበር በዚህች ቀላል ነገር ላይ የአንድ ታላቅ ሕዝብ ክብር ሊንጠለጠል ይችላል ብሎ የሚገምት ሰው ጥቂት ነው። ሆኖም በቻይና አገር ይህ ሆኗል።

ያንን ክብር ለቻይና ያመጣላት ሰው ሮንግ ጉዎቱዋን ይባላል። በቻይናውያን ልማድ የቤተ ሰብ ስም ስለሚቀድም ሮንግ የቤተ ሰቡ፥ ጉዎቱዋን የራሱ ስም ነው። በዚህ ዓለም የኖረው ሠላሳ ዓመት ከአሥር ወር ብቻ ነው። በዚህ አጭር ዕድሜ ውስጥ ለድኻ ቤት ልጅነቱ፥ ለዓለም ሻምፒዮንነቱና ሰላይ ለመባሉ ሁሉ ጊዜ አልጠበበውም። ታሪኩ ለስፖርት ወዳጆች ብቻ የሚነገር አይደለም፤ ነገ የሰው ጉዳይ በእጃቸው የሚገባ ተማሪዎችና ዛሬም በእጃቸው ያለ ወጣት ባለ ሥልጣኖች ሊያውቁት የሚገባ ነው። በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮጳ አቆጣጠር ናቸው።

ሮንግ የተወለደው በነሐሴ ወር 1937 በሆንግ ኮንግ ነው። የቤተ ሰቡ የዘር ሐረግ በጓንግዶንግ ክፍለ ሀገር ከዡሃይ አካባቢ ይመዘዛል። ይኸውም ከሆንግ ኮንግ ባሕሩን ተሻግሮ የሚገኝ የቻይና ምድር ነው። ሆንግ ኮንግ ግን በዚያን ጊዜ በእንግሊዝ ግዛት ሥር ነበረች። እርሱ በተወለደበት በዚያው በጋ ጃፓን በቻይና ላይ ታላቁን ጦርነት ከፈተች፤ በ1941 መጨረሻ ደግሞ ሆንግ ኮንግን ራሷን ያዘች፤ እስከ 1945ም ድረስ አልለቀቀችም። እንግዲህ ሕፃኑ ሮንግ እግሩ መሄድ፥ አንደበቱ መናገር የለመደው በጦርነትና በችጋር መካከል ነው።

ቤታቸው ድኻ ስለ ነበረ ትምህርቱን ሊገፋበት አልቻለም። ገና በአሥራ ሦስት ዓመቱ ገደማ ደብተሩን አስቀምጦ ከዓሣ ነጋዴዎች ዘንድ በጉልበት ሥራ ገባ። ለአንድ ልጅ የዓሣ ገበያ ሥራ ምን ያህል ከባድ እንደ ሆነ መናገር አያሻም፤ ውሃው ቀዝቃዛ ነው፥ ቅርጫቱ ከባድ ነው፥ ቀኑም የሚጀምረው ገና ጎሕ ሳይቀድ ነው። በዚያው ዕድሜው የሳንባ ነቀርሳ ያዘው። ይህም በሽታ ከዚያ በኋላ ለብዙ ዓመታት እንደ ጥላ ተከትሎታል።

ነገር ግን በከተማይቱ የሠራተኞች ማኅበራት ክበብ ውስጥ አንድ የጠረጴዛ ቴኒስ ጠረጴዛ ነበረ። ሮንግ ከሥራ በተረፈው ሰዓት ሁሉ ከዚያ አይለይም ነበር። በኋላም ማኅበሩ በቤተ መጻሕፍቱ ሥራ ስለ ሰጠው መጽሐፍ እየጠበቀ፥ ያገኘውንም እያነበበ፥ ሲመሽ ራኬቱን ያነሣ ጀመር። አሠልጣኝ አልነበረውም። ያየውን እየቀዳ፥ የቀዳውንም እያሻሻለ የራሱን አጨዋወት አበጀ።

አጨዋወቱን ጥቂት መግለጽ ያስፈልጋል፤ የሰውየው ጠባይ በዚያ ውስጥ ይታያልና። ራኬቱን የሚይዘው ብዙ ቻይናውያን እንደሚያደርጉት እንደ ብዕር በጣቶቹ ቆንጥጦ ነበር። ሳንባው የታመመ ሰው ለረጅም ሩጫ አቅም ስለሌለው ከጠረጴዛው ርቆ መመላለስን አልመረጠም። ከጠረጴዛው አጠገብ ቆሞ ኳሲቱ ገና ከመነሣቷ ይመታታል። ጨዋታውን ሲጀምር ኳሲቱን በሚለጋበትም ጊዜ የእጁ አወራወር ሁልጊዜ አንድ ዓይነት ሆኖ ሽክርክሪቱ ግን የተለያየ ስለ ነበረ፤ ተጋጣሚው ኳሲቱ ወደ ላይ ትነሣ ወይም ወደ መረቡ ትወድቅ እንደ ሆነ ለመለየት ይቸገር ነበር። ጉልበት የጎደለው ሰው በፍጥነትና በዘዴ ሞላው ማለት ነው።

በ1957 መጀመሪያ ላይ ሮንግ የሆንግ ኮንግ ሻምፒዮን ሆነ። በዚያው ዓመት በሚያዝያ ወር የጃፓን ቡድን በስቶክሆልም ከተደረገው የዓለም ሻምፒዮና ሲመለስ በሆንግ ኮንግ አለፈ። በዚያን ዘመን በጠረጴዛ ቴኒስ የጃፓንን ክንድ የሚችል አልነበረም። ከቡድኑም መካከል በ1954 እና በ1956 የዓለም ሻምፒዮን የነበረው ኢቺሮ ኦጊሙራ ይገኝበት ነበር። ከሜዳው ውጭ ስሙን የሚያውቅ ያልነበረው ያ ቀጭን የሃያ ዓመት ያህል ወጣት ኦጊሙራን ሁለት ለባዶ አሸነፈው። በማግስቱ ስሙን ያልሰማ የሆንግ ኮንግ ስፖርት ወዳድ አልነበረም።

ከዚህ በኋላ ሮንግ የሕይወቱን ትልቁን ውሳኔ ወሰነ። በኅዳር 1957 ከሆንግ ኮንግ ወደ ቻይና የሚያሻግረውን ድልድይ አልፎ ወደ አባቶቹ አገር ገባ። ማንም አላስገደደውም። ከእርሱ በፊትም ሁለት የሆንግ ኮንግ ታላላቅ ተጫዋቾች፥ ፉ ቺፋንግና ጂያንግ ዮንግኒንግ፥ በ1950ዎቹ መጀመሪያ ይህንኑ መንገድ ሄደውበት ነበር። በጓንግዡ ከተማ የስፖርት ተቋም ተቀበለው። አገሪቱም ከውጭ የመጣውን ልጅ እንደ ወገን ልጅ አቀፈችው፤ ሳንባውን አሳከመችው፥ ምግብና ማረፊያ ሰጠችው። አንባቢ ይህችን ድልድይ በልቡ ይያዛት፤ ከአሥር ዓመት በኋላ ወደ እርስዋ እንመለሳለንና።

በ1958 በጓንግዡ በተደረገ የስፖርተኞች ስብሰባ ላይ ሮንግ ተነሥቶ በሦስት ዓመት ውስጥ የዓለም ሻምፒዮን እንደሚሆን በሰው ፊት ቃል ገባ። የዘመኑ ልማድ ሁሉም በየሥራው ትልቅ ዕቅድ እንዲናገር ያስገድድ ነበርና ንግግሩ ከዚያው የተለመደ ፉከራ ተቈጠረ። ብዙዎችም ፈገግ አሉ። ለምን ቢሉ፤ እስከዚያ ቀን ድረስ በማናቸውም ዓይነት ስፖርት የዓለም ሻምፒዮን የሆነ አንድም ቻይናዊ አልነበረም። እርሱ ግን በዚያው ዓመት የመላ ቻይና ሻምፒዮን ሆነ፤ ቃሉንም ይዞ ልምምዱን ቀጠለ።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ማስታወስ ይገባል። በዚያን ጊዜ የቻይና ሕዝባዊ ሪፑብሊክ በተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ወንበር አልነበራትም፤ ወንበሩን ያገኘችው በ1971 ነው። በ1958 ደግሞ በታይዋን ጉዳይ ተጣልታ ከኦሊምፒክ ኮሚቴ ወጣች። የዓለም የጠረጴዛ ቴኒስ ማኅበር ግን ከ1953 ጀምሮ አባል አድርጓት ስለ ነበረ፤ ወጣቶችዋ ከዓለም ወጣቶች ጋር በአደባባይ ሊገናኙበት ከሚችሉት ጥቂት በሮች አንዱ ይህ ትንሽ ጠረጴዛ ነበር። ለዚህም ነው ጨዋታ ብቻ ያልሆነው።

በ1959 ዓመተ ምሕረት ሃያ አምስተኛው የዓለም ሻምፒዮና በምዕራብ ጀርመን በዶርትሙንድ ከተማ ተደረገ። ሮንግ ብርቱ ተጫዋቾችን አንድ በአንድ እየጣለ ሄዶ፤ በግማሽ ፍጻሜው አሜሪካዊውን ዲክ ማይልስን ሦስት ለሁለት በጭንቅ አሸነፈ። በመጨረሻው ቀን፥ በሚያዝያ 5፥ የቀረበለት ሰው የሀንጋሪው ፈረንጽ ሺዶ ነበር። ሺዶ በ1953 የዓለም ሻምፒዮን የነበረ፥ በቁመቱም በውፍረቱም ግዙፍ፥ በልምዱም የበሰለ ሰው ነው። ሁለቱ ፊት ለፊት ሲቆሙ ለተመልካቹ የአባትና የልጅ ጨዋታ ይመስል ነበር።

የመጀመሪያውን ዙር ሺዶ 21 ለ19 ወሰደ። ሮንግ ግን አልደነገጠም፤ አካሄዱን ለወጠ። ግዙፉን ሰው አንድ ጊዜ ወደ ጎን፥ አንድ ጊዜ ወደ መረቡ እየጠራ አደከመው። ሁለተኛውን ዙር 21 ለ12፥ ሦስተኛውን 21 ለ15፥ አራተኛውን 21 ለ14 አሸነፈ። ለሦስት ዓመት የተገባው ቃል በአንድ ዓመት ያህል ጊዜ ተፈጸመ። ቻይናም የመጀመሪያውን የዓለም ሻምፒዮንዋን አገኘች።

ወደ አገሩ ሲመለስ የተደረገለት አቀባበል ለጦር ጀግና እንደሚደረገው ያለ ነበር። ሊቀ መንበር ማኦና ጠቅላይ ሚኒስትር ቹ ኤንላይ ተቀብለው አነጋገሩት። ሪፑብሊኩ የተመሠረተበት አሥረኛ ዓመትና የሮንግ ድል በአንድ ዓመት ስለ ገጠሙ፤ በሻንግሃይ በአገር ውስጥ ለተሠራው አዲስ የጠረጴዛ ቴኒስ ኳስ ጥምር ደስታ የሚል ትርጉም ያለው ስም ወጣለት። በዚህ ስም የሚጠራ ኳስና ራኬት ዛሬም በዓለም ገበያ ይሸጣል። በየመንደሩም ሕፃናት ከድንጋይና ከሲሚንቶ ጠረጴዛ እየሠሩ፥ በመረብ ፈንታ ጡብ እየደረደሩ ይጫወቱ ጀመር።

ቀጥሎ የመጣው ፈተና ግን ከዶርትሙንድ የከበደ ነበር። ሃያ ስድስተኛው የዓለም ሻምፒዮና በ1961 በፔኪንግ እንዲደረግ ተወሰነ፤ ለዚሁም አሥራ አምስት ሺህ ሰው የሚይዝ አዳራሽ ተሠራ። ጊዜው ክፉ ነበር። ከ1959 ጀምሮ በአገሪቱ ላይ የወደቀው ታላቅ ረኃብ ሚሊዮኖችን እየፈጀ ነበርና ሕዝቡ የሚጽናናበት አንዳች ነገር ይሻ ነበር። የወንዶች ቡድን ዋንጫን ደግሞ ጃፓን በተከታታይ አምስት ጊዜ ወስዳዋለች።

በፍጻሜው ቻይናና ጃፓን ተገናኙ። የቻይና ተሰላፊዎች ሮንግ፥ ሹ ዪንሸንግና ገና ሃያ ዓመት የሆነው ጁዋንግ ዘዶንግ ነበሩ። ከዘጠኙ ግጥሚያዎች አምስቱን የቀደመ ያሸንፋል። ሮንግ በዚያች ሌሊት አልቀናውም፤ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ግጥሚያዎቹን ተሸነፈ። ቻይና አራት ለሦስት ስትመራ ስምንተኛው ግጥሚያ የእርሱ ሆነ። ተጋጣሚው ሆሺኖ ነበር። ሁለት ጊዜ ወድቆ ለሦስተኛ ጊዜ በዚያን ያህል ሕዝብ ፊት መቆም ምን ያህል እንደሚከብድ ማሰብ ነው። በዕድሜ ልክ ውስጥ እንደዚህ ያለ ቀን ስንት ጊዜ ይገኛል ብሎ ራሱን አበርትቶ እንደ ገባ ይነገራል። ሆሺኖን ሁለት ለአንድ አሸነፈው፤ ዋንጫውም ለመጀመሪያ ጊዜ የቻይና ሆነ። በዚያው ውድድር ጁዋንግ ዘዶንግ የወንዶችን፥ ቺዩ ጆንግሁይ የሴቶችን የነጠላ ሻምፒዮንነት ወሰዱ።

ጤንነቱ ደካማ ስለ ነበረ ሮንግ ከዚህ በኋላ ብዙ አልተጫወተም። ነገር ግን ብዙ ታላላቅ ሰዎች የሚወድቁበትን ፈተና እርሱ አለፈው፤ ይኸውም ከመድረክ ወርዶ ለሌላ ሰው መሰላል መሆን ነው። የሴቶች ቡድን አሠልጣኝ ሆነ። ቡድኑ በወንዶቹ ጥላ ሥር የኖረና የዓለም ቡድን ዋንጫ አግኝቶ የማያውቅ ነበር። በ1965 በዩጎዝላቪያ በልዩብልያና በተደረገው ሻምፒዮና ሮንግ አንድ ብልሃት ፈጠረ። ከአውሮጳ ቡድኖች ጋር ሲገጥሙ አጥቂዎቹን ሊያንግ ሊጀንንና ሊ ሄናንን አሰለፈ፤ ጃፓኖችም እነርሱን አጥንተው ተዘጋጁ። በፍጻሜው ቀን ግን በእነርሱ ፈንታ ከሩቅ ቆመው ኳስ እየቆረጡ የሚመልሱትን ሊን ሁይቺንግንና ጀንግ ሚንጂን አወጣ። ጃፓኖች ያልጠበቁት ስለ ሆነ ግራ ገባቸው፤ ሦስት ለባዶም ተሸነፉ። እንግዲህ ሮንግ በሃያ ሰባት ዓመቱ የነጠላ ሻምፒዮንነት፥ የወንዶች ቡድን ዋንጫና በአሠልጣኝነት የሴቶች ቡድን ዋንጫ ለአገሩ አስገኝቶ ነበር።

ከዚህ በኋላ ያለው ታሪክ ለመናገርም ይከብዳል።

በ1966 በቻይና የባህል አብዮት የተባለው ንቅናቄ ተነሣ። ወጣቶች በመምህሮቻቸው፥ ልጆች በወላጆቻቸው፥ የበታች ሠራተኞች በአለቆቻቸው ላይ እንዲነሡ ተደረገ። የውጭ ነገር የነካ ሰው ሁሉ ተጠረጠረ። የስፖርት ሥራም ቆመ፤ ቻይና በ1967 እና በ1969 ወደተደረጉት የዓለም ሻምፒዮናዎች ቡድን አልላከችም። የስፖርት ኮሚሽኑ ኀላፊ የነበሩት ማርሻል ሄ ሎንግ ከሥልጣናቸው ወርደው በእስር እንዳሉ በ1969 ሞቱ። በግንቦት 1968 የስፖርቱ መሥሪያ ቤት በሙሉ በወታደር ቁጥጥር ሥር ገባ። ዋንጫ ማምጣትም ለግል ክብር መሮጥ ተብሎ ወንጀል ሆነ።

ከሆንግ ኮንግ የመጡት ሦስቱ ሰዎች፥ ፉ ቺፋንግ፥ ጂያንግ ዮንግኒንግና ሮንግ ጉዎቱዋን፥ ሰላዮች ናችሁ ተባሉ። ማስረጃው ምን ነበር? በእንግሊዝ ግዛት ኖረው መምጣታቸው ነው። አሁን ወደዚያች ድልድይ እንመለስ። በ1957 ሮንግ ድልድዩን ተሻግሮ መምጣቱ አገሩን ለመውደዱ ምስክር ነበር። በ1968 ያው ድልድይ፥ ያው መሻገር፥ የከዳተኝነቱ ምስክር ሆነ። ሰውየው አልተለወጠም፤ ያደረገውም ነገር አልተለወጠም፤ የተለወጠው ጉዳዩን የሚያነበው ዓይን ነው። ጥርጣሬ አንድ ጊዜ ከገባ በጎውን ሥራ ሁሉ ወደ ክስ ይገለብጠዋል። ሄደህ ብትቀር ከዳተኛ፤ ተመልሰህ ብትመጣ ሰላይ። ከዚህ ወጥመድ የሚያመልጥ እግር የለም።

ሦስቱም ሰዎች በየስብሰባው እየቀረቡ ተሰደቡ፥ ተዋረዱ፥ ተመረመሩ። ፉ ቺፋንግ በሚያዝያ 16፥ ጂያንግ ዮንግኒንግ በግንቦት 16 ራሳቸውን አጠፉ። ሮንግ ሁለቱ ታላላቅ ወንድሞቹ ሲያልፉ አየ፤ ተራው የእርሱ መሆኑንም ተረዳ። ሚስትና ትንሽ ሴት ልጅ ነበሩት። በሰኔ 20 ቀን 1968 እርሱም በፔኪንግ ከተማ ዳር በሚገኝ ኩሬ አጠገብ በገዛ እጁ ከዚህ ዓለም ተለየ። ከኪሱ በተገኘችው ወረቀት ላይ ሰላይ አለመሆኑን፥ ሰዎች በከንቱ እንዳይጠረጥሩት፥ ክብሩንም ከሕይወቱ አብልጦ እንደሚወድ ጽፎ ነበር።

ሞቱን እንደ ጀግንነት አንቈጥረውም። ሕይወት ከክፉ ዘመን ትረዝማለች፤ ጥቂት ዓመታት ቢታገሥ ኖሮ የሚያየው ብዙ ነበር። በ1971 በናጎያ ከተማ በተደረገው ሻምፒዮና ከእርሱ ጋር በ1961 የተሰለፈው ጁዋንግ ዘዶንግ ከአንድ አሜሪካዊ ተጫዋች ጋር በአውቶቡስ ተገናኝቶ ስጦታ ሰጠው። ከዚያም የአሜሪካ ቡድን ወደ ቻይና ተጋበዘ፤ በ1972 ፕሬዚዳንት ኒክሰን ፔኪንግ ገቡ። ሁለት ታላላቅ መንግሥታት ከሃያ ዓመት ኩርፊያ በኋላ የታረቁበት መንገድ በዚያው ትንሽ ጠረጴዛ በኩል አለፈ። ለዚያ ጨዋታ በአገሩ ትልቅ ስም የሰጠው ሰው ግን በመቃብር ነበር። ነገር ግን የኩነኔው ፍርድ በሟቹ ላይ አይደለም፤ ለመኖር የሚያበቃ በር ሁሉ በፊቱ በዘጉበት ሰዎች ላይ ነው።

በ1978 መንግሥት የሮንግን ጉዳይ እንደ ገና መርምሮ ንጹሕ መሆኑን አሳወቀ፤ ስሙም ተመለሰለት። በ1987 በቤተ ሰቡ አገር በዡሃይ ሐውልት ቆመለት። ስም ከመቃብር በላይ ይውላል የተባለው እውነት ነው። ሆኖም ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ የሚለውም ተረት እዚህ ላይ ሳይታወስ አይቀርም። ስሙ በአሥር ዓመቱ ተመለሰ፤ ሰውየው ግን አልተመለሰም። ለልጅቱም ሐውልት በአባት ፈንታ አይሆናትም።

ትናንት ከትምህርት ቤት ወጥተን ዛሬ ከጽሕፈት ጠረጴዛ ፊት የተቀመጥን ወጣቶች ከዚህ ታሪክ የምንማረው ምንድን ነው? ሮንግን ያጠፋው አንድ ጨካኝ ሰው ብቻ ቢሆን ኖሮ ትምህርቱ ቀላል በሆነ ነበር። ነገር ግን እንዲህ ያለው ነገር የሚፈጸመው በብዙ እጅ ነው። አንዱ ወሬውን ያመጣል፤ አንዱ ይጽፈዋል፤ አንዱ ሳያነብ ይፈርማል፤ ሌላው እያወቀ ዝም ይላል። እያንዳንዱም የሠራው ጥቂት ስለሚመስለው ማታ ተኝቶ ያድራል። የተጻፈበት ሰው ግን ሁሉንም ድርሻ በአንድ ጀርባ ይሸከማል።

የሮንግ ራኬት የሚያስተምረን ትጋትን ነው፤ ድኻና ሕመምተኛ ልጅ ያለ አሠልጣኝ ከዓለም ጫፍ ሊደርስ እንደሚችል ያሳያል። ዕጣው የሚያስተምረን ግን ከዚያ ይልቃል። ስለ አንድ ሰው የሚናገር ወረቀት በእጃችን በገባ ጊዜ፤ ሰውየው ምን አደረገ እንጂ ከወዴት መጣ ብለን እንዳንጀምር፤ ማስረጃም ሳናይ ብዕራችንን እንዳናነሣ ነው። ሁለት ግራም ተኩል የምትመዝን ኳስ የአገርን ክብር እንደ ተሸከመች አየን። አንዲት ፊርማ ከዚያም ትቀላለች፤ የምትሸከመው ግን የሰው ነፍስ ሊሆን ይችላል።